የማላያላም ፊልምን ከነአገሩ ለመመልከት የሚረዳ መመሪያ

የሕንድ ፊልም ሲነሣ ብዙዎቻችን ቀድሞ ትዝ የሚለን በሂንዲ ቋንቋ የሚሠራው የሙምባይ ፊልም ነው። ይሁንና በደቡብ ምዕራብ ሕንድ፣ በምዕራብ ጋትስ ተራሮችና በዓረብ ባሕር መካከል በቀጭኑ የተዘረጋችው የኬረላ ግዛት ማላያላም የተባለ የራሷ ቋንቋ፣ በዚያም ቋንቋ የሚሠራ የራሷ ሲኒማ አላት። ይህ ሲኒማ ከአካባቢው ልማድ፣ ከጸሐፊዎቹ ድርሰትና ከጥንት የትዕይንት ጥበቦች ጋር እጅግ የተሳሰረ በመሆኑ፣ የግርጌ ጽሑፍ ብቻ እያነበበ የሚከታተል ሰው ታሪኩን ይረዳል እንጂ ከፍሬ ነገሩ ብዙ ያመልጠዋል። ይህ መመሪያ አንድ ሁለት የማላያላም ፊልም አይቶ ለወደደና ከዚያ ጠለቅ ብሎ ለመመልከት ለሚሻ ሰው የተዘጋጀ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

በእኔ እምነት ወደዚህ ሲኒማ ለመግባት ከሁሉ የሚቀድመው አንድ ጥያቄ ይዞ መቀመጥ ነው፤ በዚህ ታሪክ ውስጥ የሚከበረው ማን ነው፣ ክብሩስ የሚጸናው እስከ መቼ ነው? ጥያቄው ከዚህ ሲኒማ ልደት ጋር አብሮ የተወለደ ነው። የመጀመሪያው የማላያላም ፊልም ጄ. ሲ. ዳንኤል የሠራው ቪጋታኩማራን የተባለ ድምፅ አልባ ፊልም ሲሆን፣ በውስጡ ናየር የተባለው የከፍተኛ ካስት ሴት ሆና የተወነችው ፒ. ኬ. ሮዚ ግን በካስቱ ሥርዓት ከሁሉ በታች ከሚቆጠረው ከዳሊት ማኅበረሰብ የተወለደች ነበረች። ካስት፣ ሰው በትውልዱ የሚወርሰው የማኅበራዊ ደረጃ ሥርዓት፣ በዚያ ዘመን እጅግ የጠነከረ ስለነበር፣ ፊልሙ በትሪቫንድረም ሲታይ የከፍተኛው ካስት ተመልካቾች ከታች የተወለደች ሴት የእነርሱን ሴት መስላ በመቅረቧ በቁጣ ተነሡባት፤ ሮዚም አገሯን ጥላ ተሰደደች፣ ወደ ሲኒማም አልተመለሰችም። ከዚያ ወዲህ የተሠሩትን ታላላቅ ፊልሞች ስመለከት፣ ብዙዎቹ በሮዚ ላይ ለደረሰው በደል መልስ የሚፈልጉ ሆነው ይታዩኛል።

ከቦታው መነሣት

አንድ ፊልም ሲጀምር በመጀመሪያ ታሪኩ በየትኛው የኬረላ ክፍል እንደሚፈጸም ይለዩ። ግዛቲቱ ትንሽ ብትሆንም የባሕሩ ዳርቻ፣ የሐይቅና የቦይ ውኃ የሚተላለፍበት ቆላ፣ የኢዱኪ ተራራማ እርሻ፣ በሰሜን ያለው ማላባርና በደቡብ ያለው የቀድሞው ትራቫንኮር የየራሳቸው ሥራ፣ ሃይማኖትና አነጋገር አላቸው። ግዛቲቱ ራሷ አሁን ባላት መልክ የተመሠረተችው ማላያላም ተናጋሪ አካባቢዎች በ1956 ዓ.ም. ሲዋሐዱ ነው፤ ስለዚህ የአካባቢ ልዩነቱ ዛሬም ጎልቶ ይሰማል። ኩምባላንጊ ናይትስ (2019) በኮቺ አጠገብ ባለች የዓሣ አስጋሪዎች መንደር ያደገ ታሪክ በመሆኑ ወደ ተራራ ቢወሰድ አይቆምም፤ ማሄሺንቴ ፕራቲካራም (2016) ደግሞ ያለ ኢዱኪ ደጋ አይታሰብም።

ቦታውን ለመለየት ጆሮም ዓይንን ያግዛል። የግርጌ ጽሑፉ ዘዬውን ሁሉ አንድ ዓይነት አድርጎ ስለሚያቀርበው ሰዎቹ እርስ በርሳቸው የሚጠራሩበትን ስም ማዳመጥ ይበጃል። ታላቅ ወንድም ወይም በዕድሜ የሚበልጥ ወንድ በአብዛኛው ቼታን፣ ሴቷ ቼቺ ትባላለች፤ በሙስሊሞች ዘንድ ወንዱ ኢካ ይባላል፤ አቻያን የሚል ጥሪ ሲሰሙ ደግሞ ተጠሪው የሶርያ ክርስቲያኖች ከሚባሉት ወገን መሆኑን ይገምቱ። ታምፑራን የሚለው ጥሪ ጌታዬ እንደማለት ያለ የጥንት የባላባት ማዕረግ ነው፤ አንድ ገጸ ባሕርይ ይህን ቃል ሲናገር ትከሻው ጎበጥ ማለት አለማለቱን ይመልከቱ። አንቱና አንተን ለይቶ ላደገ አማርኛ ተናጋሪ ይህ ዓይነቱ ማዳመጥ አይቸግርም።

ስለ ክርስቲያኖቹ አንድ ነገር ልጨምር። የሶርያ ክርስቲያኖች የሚባሉት የኬረላ ሰዎች ክርስትናቸው በሐዋርያው ቶማስ የተሰበከ እንደሆነ በትውፊት ያምናሉ፤ ከእነርሱም መካከል የማላንካራ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ከኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ጋር በአንድ እምነት የሚገናኝ ሲሆን፣ በ1965 ዓ.ም. ዐፄ ኃይለ ሥላሴ በአዲስ አበባ ባደረጉት የኦሪየንታል ኦርቶዶክስ አብያተ ክርስቲያናት መሪዎች ጉባኤ ላይ ተገኝቷል። ይሁን እንጂ በፊልም የምናያቸው ክርስቲያኖች ሁሉ የዚህ ወገን አይደሉም። ለምሳሌ ሊጆ ጆዜ ፔሊሴሪ ያዘጋጀው ኢ. ማ. ያው (2018) በባሕር ዳር የሚኖሩ የላቲን ሥርዓት ካቶሊኮችን የሚመለከት ነው። አንድ ድኻ ልጅ ለአባቱ ታላቅ ቀብር እንደሚያደርግለት ቃል ይገባል፤ አባት በዚያችው ሌሊት ይሞታል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ፊልም በሙሉ ያንን ቃል ለመጠበቅ የሚደረግ ትግል ነው። የለቅሶውን ዜማ፣ የጎረቤቱን ሐሜት፣ የካህኑን ጥርጣሬና የዝናሙን ድምፅ አብሮ የሚሰማ ሰው፣ ለሙት የሚሰጥ ክብር ለድኻ ምን ያህል ውድ እንደሆነ ይገባዋል።

ከፊልሙ በስተጀርባ ያለውን መጽሐፍ መፈለግ

ቀጥሎ ታሪኩ ከድርሰት የተወሰደ መሆን አለመሆኑን ይጠይቁ። በኬረላ የማንበብ ልማድ የሰፋ ነው፤ በ2011 የሕዝብ ቆጠራ ማንበብና መጻፍ የሚችለው ሕዝብ ወደ 94 ከመቶ ደርሶ ነበር፤ በየመንደሩ ቤተ መጻሕፍት እንዲቋቋም የታገለ እንቅስቃሴም ከሃያኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ጀምሮ ሥር ሰድዷል። ስለዚህ ዳይሬክተሩ ታዋቂ ልብ ወለድ ወደ ፊልም ሲያመጣ፣ ከተመልካቹ ብዙው መጽሐፉን አስቀድሞ እንዳነበበ ያውቃል። ሁለተኛው የማላያላም ፊልም ማርታንዳ ቫርማ (1933) እንኳ ከሲ. ቪ. ራማን ፒላይ ልብ ወለድ የተወሰደ ሲሆን፣ በመጽሐፉ የማሳተም መብት ላይ በተነሣ ክርክር ሥርጭቱ ታግዶ ነበር።

ለጀማሪ ከቼሚን (1965) የተሻለ መነሻ አላውቅም። ታካዢ ሺቫሻንካራ ፒላይ በ1956 ያሳተመውን ልብ ወለድ ራሙ ካሪያት ወደ ፊልም ያመጣው ሲሆን፣ ከደቡብ ሕንድ የፕሬዚዳንቱን የወርቅ ሜዳልያ ለመጀመሪያ ጊዜ ያገኘው ፊልም ይህ ነው። ታሪኩ በላይ በላዩ ሲታይ የፍቅር ነው፤ ካሩታማ የተባለችው የአስጋሪ ልጅ ፓሪኩቲ የሚባለውን ሙስሊም የዓሣ ነጋዴ ትወድዳለች፣ ነገር ግን ለፓላኒ ትዳራለች። ከፍቅሩ በታች ግን የባሕር ዳርቻው እምነት አለ፤ ባል በባሕር ላይ ሳለ ሕይወቱን የምትጠብቀው በቤት ያለች ሚስቱ በታማኝነቷ ነው፣ እርሷ ከሳተች ካዳላማ፣ ማለትም እናት ባሕር፣ ባልዋን ትውጠዋለች። የሰው ሞት በሌላ ሰው ልብ ውስጥ ባለ ነገር የሚለካበት እምነት ነው፤ ሸክሙም በሙሉ የሚጫነው በሴቲቱ ላይ ነው።

ይህን ፊልም ሲያዩ ዓይንዎን ከፍቅረኞቹ አንሥተው ወደ ጀልባው ያዙሩት። የካሩታማ አባት ቼምባንኩንጁ ጀልባና መረብ ለመግዛት ከፓሪኩቲ ገንዘብ ይቀበላል፣ ነገር ግን ሳይመልስ ይቀራል። በመጽሐፉ እንደተጻፈው የጀልባ ባለቤት መሆን በዚያ ባሕር ዳር ለማንም የተፈቀደ ሳይሆን በትውልድ የተወሰነ ነበር፤ ስለዚህ የቼምባንኩንጁ ጀልባ መንደሩን ሁሉ ታስቆጣለች። ብድሩ፣ ስግብግብነቱ፣ ካስቱና ሃይማኖቱ በአንዲት ጀልባ ላይ ተጭነው ይሄዳሉ። ፍጻሜው ላይ ፓላኒ ከሻርክ ጋር ሲታገል ባሕሩ ይውጠዋል፤ ፍቅረኞቹም ሞተው በዳርቻው ይገኛሉ። ፊልሙ እምነቱን እያረጋገጠ ነው ወይስ እምነቱ የሚያስከፍለውን ዋጋ እያሳየ? እኔ ሁለተኛውን እይዛለሁ፤ ተመልካቹ ግን መጽሐፉን ካነበበ በኋላ የራሱን ፍርድ ቢሰጥ ይሻላል።

ሌላው የማይዘለል ጸሐፊ ቫይኮም ሙሐመድ ባሺር ነው። በእንግሊዝ ዘመን በፖለቲካ ምክንያት ከታሰረበት ሕይወቱ የጻፈውን ማቲሉካል የተባለ ትንሽ ልብ ወለድ አዱር ጎፓላክሪሽናን በ1990 ፊልም አድርጎታል፤ ባሺርን ሆኖ የሚጫወተው ማሙቲ ነው። በወንዶቹና በሴቶቹ እስር ቤት መካከል ከፍ ያለ ግንብ አለ። ባሺር ከግንቡ ማዶ ናራያኒ ከተባለች እስረኛ ጋር ይነጋገራል፣ ይዋደዳሉም፤ እርሷ ወደ ግንቡ መምጣቷን የምታስታውቀው ደረቅ እንጨት ወደ ላይ እየወረወረች ነው። ካሜራው ግንቡን አንድም ጊዜ አይሻገርም። ናራያኒ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ድምፅ ብቻ ናት። የፊልም ዳይሬክተር የሴቲቱን ፊት ለማሳየት ያለበትን ፈተና ለሚያውቅ ሰው፣ ይህ ለድርሰቱ የተከፈለ ታላቅ ታማኝነት ነው። ያን ትዕይንት ያለ ግርጌ ጽሑፍ አንድ ጊዜ ደግመው ቢያዳምጡት እመክራለሁ፤ ተዋናይቷ ኬ. ፒ. ኤ. ሲ. ላሊታ በድምፅዋ ብቻ ሳቅን፣ ተንኮልንና ናፍቆትን እንዴት እንደምትለይ ቃሉ ሳይገባ እንኳ ይሰማል።

አልባሳቱ ሲወልቅ የሚሆነውን መመልከት

አሁን ወደ ዋናው ደረስን። በማላያላም ፊልሞች ውስጥ ካታካሊ፣ ቴያም ወይም የቤተ መቅደስ ከበሮ ሲገባ ብዙ የውጭ ተመልካች ለዓይን ማራኪነት የገባ ይመስለዋል። ደካማ ፊልም ላይ እውነት ነው። በጥሩዎቹ ላይ ግን ሥርዓቱ የታሪኩ ፍርድ የሚሰጥበት ቦታ ነው፤ እናም ሊጠየቅ የሚገባው ይህ ነው፦ የሚጫወተው ከየትኛው ወገን የተወለደ ነው፣ ለማን ይጫወታል፣ ቀለሙን ካጠበ በኋላስ የሚበላው አለው?

ቴያም በሰሜን ማላባር፣ በተለይ በካኑርና በካሳራጎድ፣ በበጋ ወራት የሚደረግ ሥርዓት ነው። ፊቱን ቀብቶ፣ ከራሱ በላይ የሚቆም ትልቅ ዘውድ ደፍቶ የሚጨፍረው ሰው በዚያች ሰዓት አምላኩ ራሱ እንደሆነ ይታመናል፤ የሚጨፍሩት በትውልድ ከታችኞቹ ወገኖች ናቸው፤ በሌላ ቀን ከደጃፋቸው የማያስገቧቸው የከፍተኛ ካስት ሰዎች በዚያ ቀን ከእግራቸው ወድቀው ይባረካሉ። ጃያራጅ በካሊያታም (1997) የሼክስፒርን ኦቴሎ ወደዚህ ዓለም ያመጣዋል፤ ኦቴሎ የቴያም ጨፋሪ ሆኗል፣ መሐረቡም የሐር ልብስ ሆኗል። በመጀመሪያው ድርሰት በቆዳ ቀለም የነበረው ልዩነት እዚህ በካስት ተተክቷል፤ አምላክ ሆኖ የሚሰገድለት ሰው የሚወድዳት ሚስቱ በእርግጥ እንደምትወድደው ማመን ሲያቅተው፣ ጥርጣሬው ከየት እንደመጣ ማንም አይጠይቅም። ሁሉ ያውቀዋል።

ኒርማልያም (1973) በዚህ ረገድ ከሁሉ የሚበልጥብኝ ፊልም ነው። ደራሲው ኤም. ቲ. ቫሱዴቫን ናየር ከራሱ አጭር ልብ ወለድ ተነሥቶ ጽፎ ራሱ ያዘጋጀው ሲሆን፣ በብሔራዊ ደረጃ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ተሸልሟል። ባለታሪኩ ቬሊቻፓዱ ነው፤ ይኸውም ሴት አምላኳ በላዩ ላይ አድራ የምትናገርበት፣ ጎራዴ ይዞና የእግር ቃጭል አድርጎ የሚጨፍር የቤተ መቅደስ አገልጋይ ማለት ነው። የመንደሩ ቤተ መቅደስ ድኽይቷል፤ የሚሠዋ የለም፤ ሰውየው ከዚህ በቀር ሌላ ሥራ አያውቅም። የተማረው ሥራ አጥ ልጁ ቅዱሱን ጎራዴ ለመሸጥ ይሞክራል፤ አዲሱ ወጣት ካህን ሴት ልጁን አታልሎ ይተዋታል። ፈንጣጣ ሲገባ ግን መንደርተኛው ደንግጦ ለበዓሉ ገንዘብ ያዋጣል፤ ቬሊቻፓዱም ከብዙ ዘመን በኋላ ደስ ይለዋል። በበዓሉ ቀን ሚስቱ ቤተሰቡን ለማብላት ስትል ገላዋን ለአበዳሪው እንደሰጠች ያውቃል። ወደ ቤተ መቅደሱ ይሄዳል፣ ይጨፍራል፣ እንደ ልማዱ ግንባሩን በጎራዴው ይመታል፤ ነገር ግን አያቆምም፤ ደሙ አፉን ሲሞላው ወደ አምላኳ ምስል ይተፋዋል፣ በዚያውም ይወድቃል።

ይህን ፍጻሜ በደንብ ለመረዳት ቀደም ብለው የሚመጡትን ትናንሽ ትዕይንቶች መቁጠር ያስፈልጋል፤ ሰውየው በየቤቱ እየዞረ ሩዝ ሲለምን፣ ጎራዴው በጥንቃቄ ተወልውሎ ሲቀመጥ፣ ሚስቱ ባዶውን ማሰሮ ስትመለከት። የተዋናዩን የፒ. ጄ. አንቶኒን ዓይን ይከታተሉ፤ ለዚህ ሥራው የዓመቱ ምርጥ ተዋናይ ተብሎ በአገር አቀፍ ደረጃ ተሸልሟል። ምራቁ የመናፍቅ አይመስለኝም፤ ዕድሜ ልኩን አምኖ ያገለገለ ሰው አምላኩን ፊት ለፊት ሲከስስ ነው።

ካታካሊን በተመለከተ፣ ፊልም ከማየትዎ በፊት ጥቂት ነገር ማወቅ ይጠቅማል። ተጫዋቹ አይናገርም፤ ዘፋኞች ከኋላ ግጥሙን ሲያዜሙ እርሱ በእጅ ምልክት፣ በዓይንና በቅንድብ ይተርካል። ፊቱ አረንጓዴ የተቀባ ጀግና ወይም መልካም ንጉሥ ነው፤ በአረንጓዴው ላይ ቀይ የቢላዋ ቅርጽ ያለበት ደግሞ እንደ ራቫና ያለ ትዕቢተኛ ኃያል ነው። ተጫዋቹ ለረጅም ሰዓት በጀርባው ተኝቶ ሌላ ባለሙያ በሩዝ ሊጥ ጉንጩን ዳር ዳሩን ያቆምለታል፤ ዓይኑንም በሽፋሽፍቱ ሥር በሚገባ ዘር ያቀላዋል። ሻጂ ኤን. ካሩን ያዘጋጀው ቫናፕራስታም (1999) ይህን ዝግጅት ሳይቸኩል ያሳያል። ሞሃንላል የሚጫወተው ኩንጂኩታን ከታችኛው ወገን እናት የተወለደ፣ የከፍተኛ ካስት አባቱ የካደው የካታካሊ ሰው ነው። አንዲት የባላባት ሴት በመድረክ ላይ የሚጫወተውን ጀግና፣ አርጁናን፣ ትወድዳለች፤ ልጅም ትወልድለታለች፤ ነገር ግን የወደደችው ቀለሙን እንጂ ሰውየውን ስላልሆነ ልጁን እንዲያይ እንኳ አትፈቅድለትም። የአረንጓዴው ፊት ግርማ እና ከታጠበ በኋላ ያለው የደከመ ፊት በተከታታይ ሲመጡ፣ በዚያ መካከል ያለውን ርቀት ይለኩ። ፊልሙ ያለው በዚያ ርቀት ውስጥ ነው።

ይህ መሥመር ዛሬም አልተቋረጠም። በጥቁርና ነጭ የተሠራው ብራማዩጋም (2024) ከባርነት አምልጦ ወደ አንድ አሮጌ ግቢ የገባን የፓናን ወገን ዘማሪ ይተርካል፤ የዘማሪው ድምፅ ያስከብረዋል፣ በዚያው ድምፅ ግን ይታሰራል።

ዘፈን፣ ቤትና ማጀት

ዘፈኑን አይዝለሉ። እስከ 1950ዎቹ ድረስ የማላያላም የፊልም ዜማ በአብዛኛው ከሂንዲና ከታሚል የተቀዳ ነበር። ኒላኩዪል (1954) ሲመጣ የዜማ ደራሲው ኬ. ራጋቫን የመንደሩን ዜማና የማላባር ሙስሊሞችን የማፒላ ዘፈን ወደ ሲኒማ አስገባ፤ ታሪኩም አንድ የከፍተኛ ካስት መምህር አርግዛለት የተዋትን የዳሊት ሴት የሚመለከት ስለነበር፣ ዜማውና ጭብጡ ከአንድ አፈር የበቀሉ ሆኑ።

ቤቱን ለመረዳት ደግሞ ታራቫድ የተባለውን የናየር ትልቅ የቤተሰብ ግቢ ማወቅ ይገባል። በዚያ ውርስ የሚቆጠረው በእናት ወገን ነበር፤ ንብረቱን የሚያስተዳድረው የእናት ወንድም ነበር። ከ1970 ጀምሮ የተፈጸመው የመሬት ሥሪት ለውጥና በ1975 የወጣው የጋራ ቤተሰብን ሥርዓት የሻረው ሕግ ይህን ዓለም አፈረሱት። የአዱር ኤሊፓታያም (1981) በፍርስራሹ ውስጥ የቀረ አንድ ወንድ ያሳየናል፤ እኅቱ ታበስላለች፣ ታጥባለች፣ ታገለግላለች፤ እርሱ ጥፍሩን ይከረክማል። ይህን ፊልም ከዘ ግሬት ኢንዲያን ኪችን (2021) ጋር በአንድ ሳምንት ውስጥ ቢያዩ በእጅጉ ይጠቅማል። በሁለተኛው አዲስ ሙሽራ በየቀኑ ትከትፋለች፣ ትፈጫለች፣ የሌላውን ትርፍራፊ ታነሣለች፣ የሚያንጠባጥበውን የዕቃ ማጠቢያ ቱቦ እንዲያስጠግንላት ባሏን ትለምናለች፤ በወር አበባዋ ጊዜ ደግሞ ከማጀቱ ትገለላለች። በሁለቱ ፊልሞች መካከል አርባ ዓመት አለ፤ እኅትየዋና ሙሽራዋ ግን ይተዋወቃሉ።

ባሕር ማዶ

ከ1970ዎቹ ጀምሮ እጅግ ብዙ የኬረላ ሰው ወደ ባሕረ ሰላጤው አገሮች ለሥራ ሄዷል፤ ሲኒማውም አብሮት ሄዷል። በዚህ ጉዳይ ላይ ኢትዮጵያዊ ተመልካች ማብራሪያ አያሻውም። ብሌሲ ያዘጋጀው አዱጂቪታም (2024) በቤንያሚን የ2008 ልብ ወለድ ላይ የተመሠረተ ሲሆን፣ ናጂብ የተባለው ሰው በሳዑዲ በረሓ ፍየልና በግ እንዲጠብቅ በግዳጅ ይያዛል። አገሩ ሳለ ከወንዝ አሸዋ እያወጣ የሚኖር ሰው ነበር፤ ውኃ ውስጥ የኖረው ሰው አሸዋ ብቻ ባለበት ለጠብታ ሲሰቃይ፣ በፊልሙ መካከል ድንገት የሚመጣው የኬረላ ወንዝ ምን እንደሚያመጣለት ልብ ይበሉ። በአሠሪ እጅ ፓስፖርቱን ተነጥቆ የሚያውቅ ወይም የእኅቱን ድምፅ በስልክ ሲጠብቅ የከረመ ሰው ይህን ፊልም ብቻውን ባያየው ይሻላል።

በተቃራኒው ሱዳኒ ፍሮም ናይጄሪያ (2018) አፍሪካዊን ወደ ኬረላ ያመጣል። በማላፑራም በየቡድኑ ሰባት ሰው ሆኖ የሚጫወት የእግር ኳስ ውድድር አለ፤ ለዚያ የመጣ ናይጄሪያዊ ተጫዋች ይጎዳና በቡድኑ ሥራ አስኪያጅ ቤት ሁለት አሮጊቶች ያስታምሙታል። ሁለቱን እናቶች የተጫወቱት ሳቪትሪ ሽሪዳራንና ሳራሳ ባሉሴሪ ዘመናቸውን በመድረክ ቴአትር ያሳለፉ ናቸው፤ የኬረላ ሲኒማ ከመንደር ቴአትር የወረሰውን አሁንም በእነርሱ ሲናገር ይሰማል።

የሚታይበትን ቅደም ተከተል በተመለከተ፣ በአዲሶቹ ቢጀመር ይቀላል፤ ሱዳኒ ፍሮም ናይጄሪያንና ኩምባላንጊ ናይትስን ያስቀድሙ፤ ከዚያ ቼሚንን ከነመጽሐፉ ትርጉም ይያዙ፤ ማቲሉካልና ኤሊፓታያም ትዕግሥት ስለሚጠይቁ ሌሊት ደክሞዎት ሳሉ አይጀምሯቸው። ኒርማልያምን ከቼሚን በኋላ ያድርጉት። ቫናፕራስታምን ግን ቢያንስ አንድ የካታካሊ ትርኢት ቀረጻ፣ ዘፈኑና ከበሮው ሳይቆረጥ፣ እስከ መጨረሻው ከተመለከቱ በኋላ ያስቀምጡት።